የመግነጢስ ማኅበርተኛ

ወገቤን በመቀነት የማስረው ቀበቶ ምን እንደሆነ ስለማላውቅ አይደለም። ቀበቶ ዘለበት አለው፤ ዘለበት ብረት ነው፤ ብረት ደግሞ የሥራዬ ጠላት ነው። በዚሁ ምክንያት ሱሪዬ ዚፕ የለውም፣ ጫማዬ የፕላስቲክ ኮንጎ ነው፣ የሸሚዜ ቁልፎች ከእንጨት የተጠረቡ ናቸው። ከጉና ሥር ወደ ደብረ ታቦር ገበያ የሚወርድ ሰው ሁሉ “ፈንታሁን መቀነት” ይለኛል። ይበለኝ። የሚስቁብኝ ሰዎች የሚረግጧት መሬት ራሷ ማግኔት መሆኗን፣ ጉልበቷም በየቀኑ ከፍ ዝቅ እንደሚል አያውቁም። ያንን የሚለካ ሰው በእነሱ ሰፈር እንደሚኖር ቢነገራቸውም ግድ አይሰጣቸውም።

የአፍሪካ የመግነጢስ ጥናት ማኅበር የሚባል አለ። ከአህጉሩ ዳር እስከ ዳር ላሉ አጥኚዎች መሣሪያ ያውሳል፣ ያሠለጥናል፣ የለኩትን ሰብስቦ ያወጣል። በየዓመቱ ደግሞ አንድ ካርታ ያትማል፤ እያንዳንዱ ጣቢያ በቀይ ነጥብ ይታያል። በሌላው አገር ነጥቦቹ ሁለትም ሦስትም ሆነው ተጎራብተው ይታያሉ። ከጣና በስተምሥራቅ ግን አንዲት ነጥብ ብቻዋን ተቀምጣለች። እሷ እኔ ነኝ። ካርታውን ግድግዳዬ ላይ ለጥፌዋለሁ፤ ወንበር ላይ ስቀመጥ ነጥቧ ዐይኔ ትይዩ ትውላለች።

ከዚህ በፊት ደብረ ታቦር የፊዚክስ መምህር ነበርኩ። ማኅበሩ ሰው ሲፈልግ አመለከትኩ፣ ሁለት ወር ሠለጠንኩ፣ ጓዜን ጠቅልዬ ወጣሁ። ሚስቴ “እኔ ብርድ አልወድም” ብላ ከተማ ቀረች። ብርዱን ነው ወይስ እኔን ብዬ አልጠየቅኳትም፤ መልሱን ሁለታችንም እናውቀዋለን። ይኸው አሥር ዓመት ሆነኝ።

ሥራው እንዲህ ነው። ጣቢያዬ ሁለት ጎጆ አለው። በአንደኛው ወለል ሥር የመሬቷን ማግኔት የሚመዘግብ መቅጃ ተቀብሯል፤ ሌት ተቀን ብቻውን ይጽፋል። ብቻውን የሚጽፍ ነገር ደግሞ ቀስ በቀስ መሳቱ አይቀርም። ስለዚህ በሳምንት አንድ ቀን፣ ጠዋት፣ ሰው በሁለተኛው ጎጆ ገብቶ በቴዎዶላይት በእጁ ይለካና ያርመዋል። ቴዎዶላይቱ መንገድ ቀያሾች በመነጽሩ አጮልቀው የሚያዩበት ዓይነት ነው፤ ልዩነቱ የኛው ከነሐስ መሠራቱ ነው። የጎጆዎቹ ምስማር መዳብ ነው፣ በራቸው በእንጨት መቀርቀሪያ ይዘጋል፣ ክዳናቸው ሣር ነው። የክዳን ሣር እዚህ ስለማይገኝ በሁለት ዓመት አንዴ ከእብናት በኩል አስመጥቼ አሳድሳለሁ። “የጉና ድንጋይ ራሱ ብረት የተቀላቀለበት አይደለም ወይ? ምን አለፋህ?” የሚሉኝ መምህራን አሉ። ድንጋይ ቦታውን አይለቅም እላቸዋለሁ። ቦታውን የማይለቅ ጠማማ አንዴ ይለካና ከሒሳቡ ይቀነሳል፤ የሚያስቸግረው የሚገባና የሚወጣ ብረት ነው።

ከመለኪያው ጎጆ አርባ አምስት እርምጃ ላይ ጌጤ የምትባል ጎረቤት አለችኝ። ባሏ ይሻው የሞተው እኔ በመጣሁ ዓመት ነው። ልጅ የላትም፤ ያላት አንድ ወንድም አንበሳሜ ነው። ገብሷን በእኩል ታሳርሳለች፣ ስፌት ትሰፋለች። እስከ ስድስተኛ ክፍል ተምራለች፤ ዐይኗ ደግሞ ሙዳይ ስትጀምር የአክርማውን ጭረት አንድ በአንድ የሚቆጥር ዐይን ነው። ያን ጊዜ ገና ስንተዋወቅ ምን እንደምሠራ ጠየቀችኝና የማኅበር አባል መሆኔን ነገርኳት።

“የማን ማኅበር?” አለችኝ።

“የመግነጢስ።”

“ስንክሳር ሲነበብ ስሙን ሰምቼው አላውቅም። ጻድቅ ነው ሰማዕት?”

“አንዱንም አይደለም፤ ብረት የሚስብ ኃይል ነው።”

“ይሁን። ሙሴው ማነው ታዲያ?” ጽዋ የሚጠጣ ማኅበር ሁሉ ሙሴ የሚሉት መሪ አለውና።

“ሊቀ መንበር አለው፤ ናይሮቢ ነው የሚኖረው።”

“ማኅበሩ አንቱ ዘንድስ መቼ ይገባል? ተራዎ ሲደርስ ይንገሩኝ፣ ጌሾ እወቅጥልዎታለሁ።”

ሳቅኩና ተውኩት። እሷ ግን አልተወችውም። በየዓመቱ መስከረም ሲጠባ “ዘንድሮስ ማኅበርተኞችዎ ይመጣሉ?” ትላለች። “ዘንድሮ እንኳ አልተመቻቸውም” እላለሁ። አሥር ዓመት ሙሉ ከማኅበሬ አንድ ሰው በሬን አንኳኩቶ አያውቅም። ከአባላቱ የማውቃት አዋ የምትባለውን ነው፤ ዳካር ተቀምጣ ከየጣቢያው የሚላከውን ቁጥር ትመረምራለች። እሷንም የማውቃት በጽሑፍ ነው። ከተማ ወርጄ ኢንተርኔት ባገኘሁ ቁጥር ደብዳቤዋ ይጠብቀኛል፤ ሁልጊዜም “ውድ የሥራ ባልደረባዬ” ብሎ ይጀምራል። ለሌሎቹም እንደዚያው ብላ እንደምትጽፍ አውቃለሁ። ቢሆንም ያቺን መስመር ሦስት አራት ጊዜ ሳላነብ ወደ ታች አልወርድም።

በሁለተኛው ዓመት መንደሩ ሁሉ ቤቱን ቆርቆሮ ማልበስ ጀመረ። ጌጤም ልታለብስ መሆኑን ስሰማ ሮጬ ሄድኩ። አርባ አምስት እርምጃ ላይ ቆርቆሮ! “ማኅበሩ አይፈቅድም” አልኳት። ሌላ ምክንያት አልጠየቀችኝም። ማኅበር ካልፈቀደ አልፈቀደም፤ ለእሷ ማኅበር ማለት እንዲያ ነው። ቆርቆሮውን ብቻ አይደለም የተወችው፤ ብረት ድስቷን ለወንድሟ ሚስት ሰጠች፣ ማጭዷንና መጥረቢያዋን ከወንዝ ማዶ አራሿ ዘንድ አስቀመጠች፣ የበሯን ቁልፍ አውልቃ በእንጨት መቀርቀሪያ ለወጠች። ወስፌዋን እንኳ እኔ የምለካበት ቀን ከቤቷ ጓሮ ወዲያ ወስዳ ድንጋይ ሥር ታደርጋለች። እኔም ይህን ሁሉ የሚገባኝ አድርጌ ተቀበልኩት።

ባለፈው ጥር ቁጥሮቼን ልልክ ደብረ ታቦር ወርጄ መንገድ ላይ የሆነ ነገር ፈነዳ። ምን እንደሆነም ማን እንዳፈነዳውም ዛሬም አላውቅም። ግራ ዳሌዬ ላይ ቁርጥራጭ ገባብኝ። ሐኪሙ አውጥቶ በሣህን ላይ ሁለት ጥቋቁር ፍንጣሪ አሳየኝና “ንጹሕ ነህ” አለኝ። ስድስት ሳምንት ተኛሁ። ከአልጋዬ አጠገብ ያሉት ሰዎች ጠያቂ ከበር እስከ መስኮት ይሞላላቸው ነበር። እኔን የጠየቀችኝ ጌጤ ብቻ ናት፤ ሁለት ጊዜ በእግሯ ወርዳ የገብስ ቆሎ አመጣችልኝ።

“ማኅበርተኞችዎ አልጠየቁዎትም?” አለችኝ፣ ቆሎውን እያቀበለች። በእሷ ማኅበር ሰው ሲታመም ሁሉም ይሰለፋል።

“አልሰሙም።”

“ለምን አልላኩባቸውም?”

ቆሎውን ዘገንኩ። እውነቱን ለመናገር ጽፌ ዝም እንዳይሉኝ ፈርቼ ነው።

መጋቢት ላይ ወደ ጣቢያዬ ተመለስኩና ልኬቴን ጀመርኩ። ሚያዝያ ላይ የአዋ ደብዳቤ መጣ። “ውድ የሥራ ባልደረባዬ” ይላል፣ “ከመጋቢት ጀምሮ በእጅ የለኩት ከመቅጃው ጋር አልገጥም ብሏል። ልዩነቱም አንድ ቦታ አይቆምም። በአቅራቢያዎ አዲስ ብረት ገብቷል። እስከ ሐምሌ መጨረሻ ስምንት ተከታታይ ንጹሕ ልኬት ካልደረሰን ጣቢያው ከካርታው ይወጣል፤ መሣሪያዎቹም ለሚጠባበቅ ሌላ አገር ይተላለፋሉ።”

እዚያው ኢንተርኔት ቤቱ ወንበር ላይ ድርቅ ብዬ ቀረሁ። ሰው አንድ ነጥብ ጠፋች ብሎ ይሞታል ወይ ትሉ ይሆናል። ያቺ ነጥብ ከጠፋች እኔ ምንድን ነኝ? ቀበቶ የማይታጠቅ የሃምሳ ሁለት ዓመት ሰው፤ በቃ። ሚስት የለኝ፣ ልጅ የለኝ፣ “ባልደረባዬ” የሚለኝም አይኖር።

ብረቱን ፍለጋ ገባሁ። የጎጆዎቹን ምስማር አንድ በአንድ ፈተሽኩ፣ የአጥሩን እንጨት አገላበጥኩ፣ አፈሩን በወንፊት ነፋሁ። ምንም የለም። ያን ሰሞን ገበያ ላይ አንዲት ሴት የጌጤ ወንድም ቆርቆሮ እንደገዛላት ነገረችኝ። ደሜ ፈላ። አሃ! እኔ ሆስፒታል ተኝቼ እሷ ቆርቆሮዋን አስገብታለች! ቆሎውን ያመጣችልኝም ልታዘናጋኝ ነው አልኩ። ሰው ሲከፋ የማያስበው የለም፤ እኔ ደግሞ ስከፋ ፈጣን ነኝ።

በማግሥቱ ኮምፓሴን ይዤ በሯ ላይ ቆምኩ። ግንቦት ነበር፤ ሁለት ሴቶች ከእሷ ጋር ደጅ ላይ ተቀምጠው አክርማ ይሰነጥቃሉ።

“ቆርቆሮው የት ነው ያለው?” አልኳት፣ እንደምን ዋላችሁ እንኳ ሳልል።

ቀና ብላ አየችኝ። “እዚህ ምንም ቆርቆሮ የለም፣ አያ ፈንታሁን።”

“መርፌዬ ይናገራል።”

“እንግዲያው ይግቡና ይፈልጉ” አለችና ወደ አክርማዋ ተመለሰች።

ገባሁ። ቤቱ ባዶ ሊባል የሚችል ነው፤ ያለው እንጨት፣ ሸክላ፣ ቅልና ቁርበት ብቻ ነው። በግድግዳው ሥር አሥራ አንድ የተሰበረ እንስራና ማሰሮ ቂጥ ተደርድሯል። “ይሄን ሁሉ ገል ምን ያደርግልሻል? ሸክላ ሠሪ ልትሆኚ ነው እንዴ?” ብዬ ወደ ውጭ ጮኽኩ። “ለክረምት ነው” አለች። ነገሯ አልገባኝም፤ ልረዳም አልፈለግኩም። ኮምፓሱን ከፊቴ አድርጌ ግድግዳውን ዞርኩ፤ መርፌው አልተነቃነቀም። ዳሌዬን ስላመመኝ በጓዳው በኩል ባለው የጭቃ መደቧ ላይ ቁጭ አልኩና ኮምፓሱን ከጎኔ አስቀመጥኩት። መርፌው ዘወር አለ።

“እዚህ ነው!” አልኩ። ያን ጊዜ የተሰማኝን ደስታ ሳስበው አሁንም ያንገበግበኛል። የምትተኛበትን መደብ፣ ይሻው በእጁ የሠራላትን፣ በእንጨት መቆፈሪያ እስከ መሬቱ አፈረስኩት። ሴቶቹ በሩ ላይ ቆመው ያያሉ። ጭቃና ጭድ፣ ጭቃና ጭድ። ሌላ ምንም አልወጣም። ላቤን እየጠረግኩ ስወጣ ጌጤ አክርማዋን አስቀምጣ ተነሣች።

“ቆርቆሮው አንበሳሜ ወንድሜ ጓሮ ነው ያለው” አለችኝ። “ከገና ጀምሮ እዚያው ነው። ላምጣልሽ ቢለኝ ማኅበራቸው አይፈቅድም አልኩት።”

ከዚያን ቀን በኋላ እንደምን አደሩ ማለቷን ተወች። አርባ አምስት እርምጃ ሩቅ መሆኑን ያወቅኩት ያኔ ነው። ድሮ ጠዋት ጠዋት ሳል ስትል፣ ዶሮዋን ስትጠራ፣ “አያ፣ ደመናውን አዩት?” ስትለኝ ለካ ቀኔን የምጀምረው በእሷ ነበር። አሁን ሰው ሳላናግር ሳምንት ይሞላኛል። አንዳንዴ ድምፄ እንዳይዘጋ ብዬ ቁጥሮቹን ጮክ ብዬ ለራሴ አነብባለሁ።

የአዋ ሁለተኛ ደብዳቤ አጭር ነበር። ከተማ ወርጄ በወረቀት አሳትሜ ይዤው ወጣሁ። “ውድ የሥራ ባልደረባዬ፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎ። መቅጃው ንጹሕ ነው፤ የተበላሸው በእጅ የለኩት ብቻ ነው። አዲስ ጣራ ወይም አጥር ቢሆን መቅጃውም ያየው ነበር። እንግዲህ ብረቱ ከለኪው ጋር ገብቶ ከለኪው ጋር የሚወጣ ነው። በራስዎ ላይ አዲስ ነገር ይኖር ይሆን? መነጽር? የጥርስ ሽቦ?”

ተናደድኩ። እኔን! መቀነት የምታጠቀውን! ወረቀቱን አልጋዬ ላይ ወረወርኩና ከጎኑ ዘፍ ብዬ ተቀመጥኩ። ኮምፓሱ ከኪሴ ተንሸራቶ ግራ ዳሌዬ አጠገብ ወደቀ። መርፌው ዘወር አለ። ብድግ አልኩ፤ ወደ ቦታው ተመለሰ። ቁጭ አልኩ፤ ዘወር አለ። እንደ ሞኝ አምስት ስድስት ጊዜ ተነሥቼ ተቀመጥኩ። በጌጤ መደብ ውስጥ ምንም አልነበረም። ብረቱ እኔ ነበርኩ። መጀመሪያ የተሰማኝ እፍረት ነው፤ ከዚያ ግድግዳዬ ላይ ያለችውን ነጥብ ሳይ አለቀስኩ።

ሐኪሙ ዘንድ ወረድኩ። ራጅ አነሣኝና ባቄላ የምታክል ሦስተኛ ፍንጣሪ ከአጥንቱ ጥግ እንደቀረች አሳየኝ። ስትወጣ ነርቭ ልትነካ ስለምትችል ባትነካ ይሻላል አለኝ። “አይዞህ፣ አትጎዳህም፤ ይዘሃት ትኖራለህ።”

“እኔን አይደለም የምትጎዳው” አልኩት፣ “ጣቢያውን ነው።”

“የምን ጣቢያ? የአውቶቡስ?”

ተውኩት።

ሰኔ መባቻ ላይ ጭድ ገዝቼ፣ ጭቃ ረግጬ፣ የጌጤን መደብ መልሼ ሠራሁ። ፈቃዷን ስጠይቅ ራሷን ነቅነቅ አደረገችልኝ። ሁለት ቀን ሙሉ እኔ ስለስን እሷ ደጅ ተቀምጣ ሙዳይዋን ሰፋች። የድሮው በጓዳው በኩል ተወትፎ ነበር፤ እኔ ግን ሁለት ክንድ ያህል ወደ መሃል አምጥቼ፣ ከበሩ ጋር አስተካክዬ፣ ጠርዙን አሳምሬ ሠራሁት። እጄን ታጥቤ ፊቷ ቆምኩ።

“ጌጤ፣ ብረቱ አንቺ ዘንድ አልነበረም። እኔ ውስጥ ነው፤ አንዲት ፍንጣሪ ቀርታ ኖሯል። በድዬሻለሁ።”

ወስፌዋን አክርማው ላይ ሰክታ ቀና አለች። “ያመዎታል?” አለችኝ። በአራት ሳምንት ውስጥ ከአፏ የሰማሁት የመጀመሪያ ቃል ነው።

ከዚያ የመጣሁበትን ዋና ነገር አወጣሁት፤ ነውር እንደሆነ እያወቅኩ። ወደ ጎጆው ልገባ አልችልም። ሐምሌ ሊያልቅ ስምንት ሳምንት ቀርቷል። በዚህ ሁሉ አገር ላይዋ ላይም ቤቷም ውስጥ ብረት የሌለባት ሰው እሷ ብቻ ናት፤ እንዲያ ያደረግኳትም እኔው ነኝ። ለክታ ትረዳኝ ይሆን?

“መቅደሱ ውስጥ?” አለች። ያለ እኔ ሰው ገብቶበት ስለማያውቅ፣ እኔም ልገባ ስል ኪሴን ሁሉ ስለማራግፍ፣ ጎጆውን መቅደስ ትለዋለች። “ሴት መቅደስ አትገባም።”

“ይሄ መቅደስ አይደለም። ጎጆ ነው።”

“አንቱ አይደሉም እንዴ መቅደስ ያደረጉት?” አለች። ግን ተነሣች።

እንደ እሷ ቶሎ የገባው ተማሪ አስተምሬ አላውቅም። አክርማ የሚቆጥረው ዐይኗ በመነጽሩ ውስጥ ያለችውን ቀጭን መስመር ወዲያው ለየ። ቴዎዶላይቱን በጨርቅ ተሸክማ ውጭ አውጥታልኝ እኔ ሣር ላይ አለማመድኳት፤ ከዚያ ወዲያ እሷ ውስጥ፣ እኔ ከሠላሳ እርምጃ ወዲያ አጥሩ ሥር ሆነን መሥራት ጀመርን። እኔ እጮኻለሁ፤ እሷ ታዞራለች፣ ታነብባለች፣ ትጽፋለች። አሥር ዓመት የኖርኩበትን ጎጆ በሩን ብቻ እያየሁ ቀረሁ። ውስጡ ያለው የነሐሱ ሽታ ይናፍቀኛል። የመጀመሪያው ልኬት ንጹሕ ሆነ፤ ሁለተኛውም፤ ሦስተኛውም። አዋ “ብረቱን አገኙት?” ብላ ጻፈች። “አዎ፣ ከጎጆው ወጥቷል” ብዬ መለስኩ። ውሸት አልነበረም።

ሐምሌ ሃያ ስምንት የስምንተኛው ልኬት ቀን ነበር። ዝናቡ ከጠዋቱ ጀምሮ ያወርደዋል። ላስቲክ ተከናንቤ አጥሩ ሥር ቆሜ “አሁን ወደ ምሥራቅ! መስመሯ መሃል ገባች? እንዳትነኪው!” እያልኩ ስጮኽ ጌጤ በበሩ ራሷን አወጣች።

“አያ ፈንታሁን፣ እንዲህ ሲጮኹ ቁጥሩ ይጠፋኛል። ሥራውን ለምጄዋለሁ። ይሂዱልኝ።”

“ወዴት ልሂድ በዚህ ዝናብ?”

“እኔ ቤት ይግቡ። ክፍት ነው።”

ገባሁ። በዝናብ ጊዜ ቤቷ ገብቼ አላውቅም ነበር። አሥራ አንዱ ገል ወለሉ ላይ ተበትኗል፤ በእያንዳንዱ ውስጥ ከጣራው ውሃ ይንጠባጠባል። አንዱ ሞልቶ ይፈስሳል፣ አንዱ ገና ግማሽ ነው፤ ድምፃቸው ለየቅል ነው። ለክረምት ነው ያለችኝ ይህንን ኖሯል። እየተሻገርኩ ሄጄ እኔ በሠራሁት መደብ ላይ ተቀመጥኩ። ቀዝቃዛ ውሃ አንገቴ ላይ ወረደ። ቀና ስል ክዳኑ ልክ ከመደቡ በላይ ተበስቷል። በጓዳው በኩል፣ ድሮ ይሻው በሠራበት ቦታ፣ መሬቱ ደረቅ ነው። በቤቱ ውስጥ ያለው ደረቅ ቦታ እሱ ብቻ ነው። መኝታ ቁርበቷ ተጠቅልሎ ቆጡ ላይ ተሰቅሏል፤ ስነካው ርሷል። ሰኔንና ሐምሌን እኔ ባሳመርኩት መደብ ላይ ውሃ እየወረደባት ተኝታ፣ ጠዋት እየተነሣች ለእኔ ስትለካ ከርማለች። አንድ ቃል አልተናገረችም።

እዚያ ተቀምጬ ያሰብኩትን ልንገራችሁ። ቆርቆሮ አንዴ ከተመታ በኋላ ቦታውን አይለቅም። ከመመታቱ በፊት ይለካል፣ ከተመታ በኋላ ይለካል፣ ልዩነቱ ይቀነሳል፤ እንደ ጉና ድንጋይ። በሁለተኛው ዓመትም ይህን አውቅ ነበር። ለመምህራኑ የማስረዳው ይህንኑ አይደለም? ከእብናት ሣር ሳስመጣም አንድ ሸክም ለእሷ ልጨምር ብዬ አስቤ አላውቅም። እዚህ ተራራ ላይ ለእኔ ሥራ ብሎ አንድ ነገር የሚተው ሌላ ሰው እንዲኖር ፈልጌ ነበር። ማንም የማይመጣበትን ማኅበሬን በእሷ ጣራ አቆምኩት። ይህን ለራሴ ስናገረው ከዳሌዬ በላይ የሆነ ቦታ አመመኝ።

ጌጤ ወረቀቱን በነጠላዋ ሥር ሸፍና ገባች። ተቀብያት ቁጥሮቹን ደመርኩ፣ ቀነስኩ፣ ደግሜ አየሁ።

“ደኅና ነው?” አለች።

“ንጹሕ ነው። ነጥቧ ተርፋለች።”

ፊቷ በራ። ከልቧ ነው የተደሰተችልኝ፤ እሱ ነው ያላስቻለኝ።

“ጌጤ፣ ቆርቆሮውን ከአንበሳሜ አስመጪው” አልኳት።

“ማኅበሩ ፈቀደ?”

አዎ ፈቀደ ብል ይበቃ ነበር። ታምነኝ ነበር፤ ምናልባት ለአዋ ምስጋና ትልክልኝም ነበር። “ማኅበሩ ከልክሎሽ አያውቅም” አልኩ። “ስላንቺ ጣራ አንድ ቀን ጽፌላቸው አላውቅም።”

ጎንበስ ብላ የሞላውን ገል ወደ ደጅ ደፋችና ባዶውን መልሳ እኔ ከተቀመጥኩበት አጠገብ፣ ውሃው በሚወርድበት በኩል አስቀመጠችው።

“እንግዲያው ዘጠኝ ክረምት ሙሉ የማን ማኅበር ነበር?” አለችኝ።

ውሃው ገሉን ስቶ አንገቴ ላይ መውረዱን ቀጠለ። ከመደቡ አልተነሣሁም።